ከጉም ሥር የሚነሣው ነፋስ

አባቴ ለሠላሳ ዓመት ያህል ሥራው ነፋስ መጻፍ ነበር። ዝናቡንም ሙቀቱንም ይጽፍ ነበር፤ ሰፈራችን የያዘለት ግን ነፋሱን ብቻ ነው። በሐኪም ጋራ ግርጌ፣ ቤቶቹ አልቀው የማሽላ ማሳ በሚጀምርበት ቦታ፣ በሽቦ የታጠረች ትንሽ የአየር ሁኔታ መመልከቻ ነበረች። በውስጧ ጎኑ ሁሉ አየር በሚያስገባ ርብራብ የተሠራ ነጭ የእንጨት ሳጥን፣ ዝናብ የሚጠራቀምበት ጣሳ፣ በረጅም ብረት ጫፍ ላይም በነፋስ የሚሽከረከሩ ሦስት ጎድጓዳ ኩባያዎች ነበሩ። አባቴ ከንጋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት፣ ከቀኑ ስድስት ሰዓት፣ ከምሽቱ አሥራ ሁለት ሰዓት እዚያ ቆሞ ያየውን በመዝገብ ያሰፍራል። ዓምዶቹ አራት ናቸው፦ ሰዓት፣ አቅጣጫ፣ ኃይል፣ ማስታወሻ።

ቤታችን ከከተማው ግንብ በሮች አንዱ በሆነው በፈላና በር አጠገብ ነው። አባቴ ወደ ሥራ ሲሄድ ከተማውን ከጫፍ እስከ ጫፍ ስለሚያቋርጥ የማያውቀው ሰው አልነበረም።

«ጋሼ፣ ዛሬ ነፋሱ ስንት ኪሎ ሆነ?» ይሉታል በሩ ላይ ሽንኩርት የሚሸጡት ሴቶች።

«መጀመሪያ እናንተ ሚዛናችሁን አስተካክሉ፤ ከዚያ እመዝንላችኋለሁ» ብሎ ያልፋል።

ሁለት ሕግ ነበረው። አንደኛው፣ ነፋስ የሚጠራው በመጣበት ነው እንጂ በሚሄድበት አይደለም። ከምሥራቅ የመጣ የምሥራቅ ነፋስ ነው፤ ወዴት እንደሚሄድ የእኛ ጉዳይ አይደለም። ሁለተኛው፣ ተመልካች በሰዓቱ ካልደረሰ ያንን መስመር ባዶ ይተወዋል። ገምቶ አይሞላም። በአባቴ መዝገብ ውስጥ ባዶ መስመር ማግኘት ብርቅ ነበር፤ የተገኘውም በጣም ባዶ ነበር፤ ነጥብ እንኳ አላረፈበትም።

ያለቁ መዝገቦች መጨረሻቸው ላይ ጥቂት ያልተጻፈባቸው ገጾች ይተርፏቸዋል። እነዚያን ገጾች ገንጥሎ በክር እየሰፋ ያመጣልኝ ነበር። የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለሁ እነሱ ላይ አንድ አገር ጀመርኩ።

አገሩ የተጀመረው በጉም ነው። ትምህርት ሲዘጋ አባቴን ተከትዬ ወደ ጋራው እወጣ ነበር። አንዳንድ ጠዋት በስተምሥራቅ ያለው የኤረር ሸለቆ እስከ አፉ በጉም ተሞልቶ እናገኘዋለን። ሜዳ ይመስላል፤ እግር ቢያርፍበት የሚችል። ከሥሩ ግን ድምፅ ይወጣል፤ የበር መዝጊያ ድምፅ፣ ያልበላች አህያ፣ በሬውን በኦሮምኛ የሚጣራ ሰው። ድምፆቹ ባለቤት አልነበራቸውም። ወደ ላይ ቀጥ ብለው መጥተው ጆሮዬ አጠገብ ይቆማሉ። ከዚያ ጉም በታች ከተማ እንዳለ ያን ጊዜ ማንም ሳይነግረኝ አወቅኩ። ስሟን ጉምሥር አልኳት። ድምፆቹን ወደ ላይ የሚያመጣውን ነፋስ ደግሞ መላሽ አልኩት።

የመጀመሪያውን ገጽ ለአባቴ አሳየሁት። ቀይ እስክሪብቶ አውጥቶ፣ የመሥሪያ ቤት ወረቀት እንደሚያይ ሰው መነጽሩን ጠርጎ አነበበው። በአቅጣጫ ዓምድ ሥር «ወደ ሰው» ብዬ ጽፌ ነበር። አሰመረበት።

«ነፋስ የሚጠራው በመጣበት ነው።»

«ይሄኛው ግን የሚታወቀው በሚሄድበት ነው» አልኩ።

«እንግዲያው ነፋስ አይደለም፤ ደብዳቤ ነው። ከየት ነው የሚነሣው?»

«ከታች።»

አባቴ ዓምዱን በእስክሪብቶው ጫፍ ነካ ነካ አደረገ። «ከታች የሚባል አቅጣጫ እኛ ዘንድ የለም» አለ። «ግን አይተኸው ከሆነ ጻፈው።»

እናቴ ምስር እየለቀመች ትሰማን ነበር። «እኔ በዚያ አገር ብኖር ይሄ ሰውዬ ጆሮው አያርፍም ነበር» አለች። «ጋራው ላይ ሲውል ቀኑን ሙሉ እኮ ነው የማወራው። ማን ያደርስልኛል?»

ጉምሥር እንዲህ ያለች ከተማ ናት። ግንቧ የእኛን ግንብ ይመስላል፤ ድንጋዩ ግን ሁልጊዜ እርጥብ ነው። ሰማይ የላትም። በሰማይ ፋንታ የጉሙ ሆድ አለ፤ ቀን ነጭ ነው፤ ወደ ማታ የርግብ ክንፍ ይመስላል። በሮቿ ስድስት ናቸው። በአምስቱ ሰውና ከብት ይገባል ይወጣል። ስድስተኛው በከተማዋ መሃል፣ ድንጋይ በተነጠፈበት አደባባይ ላይ፣ ወለሉ ውስጥ ነው። ክዳኑ ከዋንዛ እንጨት የተሠራ ነው፤ ሰው ሲረግጠው ከበሮ ይመስላል። እርሱ ለመላሽ ብቻ ይከፈታል፤ የሚከፍተውም ራሱ መላሽ ነው።

መላሽ አቧራ አያስነሣም። የተሰጣ ልብስ አያወዛውዝም፤ ቅጠል አይነካም። መምጣቱ የሚታወቀው በመብራት ነው። በሌላ ጊዜ የሚወዛወዘው የኩራዝ ነበልባል፣ መላሽ ሲያልፍ ቀጥ ብሎ ይቆማል፤ የተሳለ ይመስላል። ያኔ ቤት ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ የያዘውን ቀስ አድርጎ ያስቀምጣል፤ የሚያኝክ ማኘኩን ያቆማል። ቃሉ ለማን እንደመጣ እስኪታወቅ ማንም አይናገርም።

ሥራው አንድ ነው፤ ሰው በሌለበት ለእርሱ የተነገረውን ቃል ለዚያ ሰው ያደርሳል። ድምፁን እንዳለ ነው የሚያመጣው፤ ሳሉም፣ የተቋረጠው ትንፋሽም አይቀርም። ለመድረስ የሚፈጅበት ጊዜ ግን አይታወቅም። ሦስት ቀን ሊሆን ይችላል፤ አርባ ዓመትም ሊሆን ይችላል። አንዲት ሴት በጎረምሳነቱ ከቤት የወጣ ባሏን «ራት ደርሷል» ብላ ትጠራዋለች፤ አይሰማም። ሰውየው በሌላ አገር አርጅቶ፣ ከሌላ ሰው ጋር ኖሮ፣ አንድ ከሰዓት በኋላ ጥላ ሥር ተቀምጦ ሳለ ቃሉ ይደርሰዋል። ተነሥቶ እጁን ይታጠባል።

ስለዚህ በጉምሥር መንገደኛ አይሸኝም። ሰውየው ዝም ብሎ ዕቃውን ይዞ ይወጣል። እግሩ ከደጅ ካለፈ በኋላ ቤተሰቡ፣ ሰውየው ይቀመጥበት የነበረውን መደብ ከቦ ይቀመጥና ማውራት ይጀምራል። ምክሩም፣ ምርቃቱም፣ «ገንዘቡን ከውስጥ ኪስህ አድርገው» የሚለውም ያን ጊዜ ነው። መንገደኛው ምርቃቱ ሳይደርሰው ወንዝ አይሻገርም የሚሉ አሉ፤ ብዙዎች ግን ይሻገራሉ።

ሐሜት የሚፈቀደው ወንዝ ዳር ብቻ ነው። የውሃ ድምፅ ቃሉን ስለሚበታትነው መላሽ ሊይዘው አይችልም። ዓርብ ዓርብ ወንዙ ዳር ሰው ይሞላል። ዳኞች መላሽ ያመጣውን ቃል ለምስክርነት አይቀበሉም፤ ቃሉ እውነት ሊሆን ይችላል፣ ነገር ግን መቼ እንደተነገረ ስለማይታወቅ። ቤት ሲሠራ በየመኝታው፣ የተኛ ሰው ጆሮ በሚደርስበት ቁመት፣ አንድ ስንዝር መስኮት ይበጃል። ጆሮው የማይሰማ ሽማግሌ ቃል ሲመጣለት መዳፉ ይሞቀዋል፤ ምን እንደተባለ አያውቅም፤ እንደተባለ ግን ያውቃል።

በየሰፈሩ ተመልካች አለ፤ መዝገብ ይዞ ይቀመጣል። መላሽ ያለፈበትን ሰዓትና የገባበትን ቤት ይጽፋል። ቃሉን አይጽፍም። ቃሉ የባለቤቱ ነው።

እነዚህን ሁሉ የጻፍኩት በስድስት ዓመት ውስጥ ነው። እየቆየሁ ሕጎቹ እርስ በርሳቸው እንዳይጋጩ መጠንቀቅ ጀመርኩ። አሥረኛ ክፍል ሳለሁ ሁለት መቶ ገጽ ደርሶ ነበር። አንድ ገጽ ብቻ ርእሱን ጽፌ ትቼዋለሁ፤ ርእሱ «የሞተ ሰው ቃል» ይላል።

እናቴ የታመመችው ያን ዓመት ነው። ሕመሟ ረጅም ነበር፤ ጥር ላይ ከአልጋ መነሣት አቃታት። አባቴ የሌሊቱን ተራ ይይዝና ሊነጋ ሲል እኔ እተካዋለሁ፤ እርሱ ወደ ጋራው ይሄዳል። በመጨረሻዋ ጠዋት ግን በሩን ይዞ ቆመ። ከዓይኑ ሥር ሁለት ጥቁር መስመር ነበር። እናቴ ዓይኗን ሳትገልጥ «ሂድ እንጂ፤ ሰዓቱ ደረሰ» አለችው። እኔ ጀርባዬን ሰጥቼ የትራሱን ልብስ እቀይር ነበር። የበሩን ድምፅ ብቻ ሰማሁ።

ትንሽ ቆይታ «ሄደ?» አለች።

«ሄዷል።»

«ሹራቡን ለብሷል?»

«አዎ» አልኳት።

አላየሁም ነበር። ጥር ነው፣ ብርድ ነው፣ ለብሶ ይሆናል ብዬ ነው። ከዚያ በኋላ ሌላ ቃል አልተናገረችም። አባቴ ሲመለስ የጎረቤታችን ልቅሶ የመንገዱ መታጠፊያ ላይ ተቀበለው።

የጠየቀኝ ነገር አንድ ነበር፤ «ስንት ሰዓት ላይ?» ሰዓቱን አልያዝኩትም ነበር። ምን እንዳለች አልጠየቀኝም፤ እኔም አልነገርኩትም። «ሄደ?» የሚለው ቃል ክስ መሰለኝ። በመጨረሻዋ ሰዓት ፈልጋው እንዳጣችው ይሰማዋል ብዬ ፈራሁ። በዚያ ላይ የእኔ «አዎ» አለ። በዚያ ቤት ያደገ ልጅ ያላየውን አየሁ አለ፣ ያውም ለእናቱ፣ ያውም ያን ጊዜ። የጉምሥርን መዝገብ በፌስታል ጠቅልዬ ቁም ሳጥኑ ላይ ጣልኩት። ዘጠኝ ዓመት አልነካሁትም።

አሁን አባቴ ጡረታ ወጥቷል። ዓይኑም ቀስ በቀስ ሄዷል፤ ሐኪሙ የዓይን ግፊት ነው ብሎናል። ብርሃንና ጨለማ ይለያል፤ ሌላ አይለይም። ነፋሱን ግን አልተወም። ጣራችን ላይ በሽመል ጫፍ ነጭ ጨርቅ አስሬለታለሁ፤ ጠዋት ጠዋት ጨርቁን አይቼ እነግረዋለሁ፤ እርሱ ይላል፣ እኔ እጽፋለሁ። ከዚያ ኤረር በር አካባቢ ወዳለው የጽሕፈትና የኮፒ ቤት ሥራዬ እሄዳለሁ። ትምህርቴን ከአሥረኛ ክፍል አላለፍኩም፤ የቀረውን የተማርኩት ከመንገድ ዳር መጽሐፍ ሻጮችና ሰው አስተይቦ ሳይወስደው ከሚቀር ወረቀት ነው።

ባለፈው ክረምት አንድ ጠዋት ሳነብ አምሽቼ ስለነበር እንቅልፍ ጣለኝ። አባቴ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ጠራኝ።

«ከየት ነው ዛሬ?»

ከአልጋዬ ሳልወርድ «ከሰሜን ምሥራቅ፤ ደካማ» አልኩ።

አንዴ በአፍንጫው አየር ሲስብ ሰማሁት። ከዚያ «የዳቦ ቤቱንስ ሽታ የት አደረስከው?» አለኝ።

«የምን ዳቦ ቤት?»

«ዳቦ ቤቱ በስተደቡብ ነው። ከተቀመጥኩ ጀምሮ ትኩስ ዳቦ ይሸተኛል። በአንተ ነፋስ ከሆነ ዳቦው የት ነው የተጋገረው?»

ከግቢያችን አጥር ማዶ ሳቅ ተሰማ። ጎረቤታችን ናቸው፤ ዕድሜያቸው ከአባቴ ጋር እኩል የሆነ ሐረሪ ሴት። በቋንቋቸው እናት ማለት «አይ» ስለሆነ እኔም ከልጅነቴ አይ ነው የምላቸው።

«ወላሂ ተያዝክ!» አሉ። «ዓይን የለውም ብለህ! አፍንጫውን ረሳኸው እንዴ?»

ወጥቼ ጨርቁን አየሁ። ከደቡብ ነበር። አባቴ አልተቆጣም፤ ይልቅ የደከመ መሰለ።

«ካላየህ ባዶ ተወው። መፍጠር ካማረህ ደግሞ የራስህ መዝገብ አለህ» አለ። «ያ ከታች የሚመጣው ነፋስ። የት አደረግኸው?»

የረሳው መስሎኝ ነበር። ወንበር ላይ ወጥቼ ፌስታሉን አወረድኩት።

እንዲህ ሆኖ ነው ማንበብ የጀመርነው። ቅዳሜ ከሰዓት ሥራ የለኝም። ዝናቡ ሲጀምር ወንበራችንን ጣራው ጥግ ሥር እናደርጋለን፤ አይ የሚሰፉትን ሌማት ይዘው ሁለቱን ግቢ በምታገናኘው ትንሿ በር ይመጣሉ። ውሃው ከቆርቆሮው ጠርዝ እንደ መጋረጃ ይወርዳል፤ ከመጋረጃው ወዲህ እኔ ስለ እርጥቡ ግንብ፣ በወለሉ ላይ ስላለው በር አነባለሁ። አንዳንዴ ዝናቡ ሲያስገመግም ቆም እላለሁ፤ ሦስታችንም ውሃውን እየሰማን ስንቀመጥ ጉምሥር ከእኛ በታች ሳይሆን ዙሪያችንን ያለች ይመስለኛል። በዚያ ሰዓት የተናገርነው ቃል የት እንደሚደርስ እርግጠኛ አልነበርኩም።

አባቴ እንደ ድሮው ይጠይቃል። «ኃይሉ ስንት ነው?»

«ሁልጊዜ አንድ ነው።»

«አይለዋወጥም? በክረምትም?»

«አይለዋወጥም።»

«እሺ። ቀጥል።»

አይ ስለ ሕጎቹ የራሳቸው አስተያየት ነበራቸው። «ነፍሱን ይማርና የኔ ባል በዚያ አገር ቢኖር ጣራ አይኖረውም ነበር» አሉ። «ሱቅ ሲሄድ የምሰድበው ብቻ ቆርቆሮውን ይነቅለው ነበር።»

«እርስዎ ወንዝ ዳር ነዎት የሚኖሩት» አላቸው አባቴ።

«ታዲያስ! ቤቴን እዚያው ነው የምሠራው።»

በአራተኛው ወይም በአምስተኛው ቅዳሜ ርእስ ብቻ ወዳለበት ገጽ ደረስኩ። ልዘለው አስቤ ነበር፤ ግን ገጽ ስገልጥ ሁለት ጊዜ መግለጤን አባቴ ሰማ።

«ምን አለፍክ?»

«ያልጻፍኩት ገጽ ነው። ‹የሞተ ሰው ቃል› ይላል፤ ሌላ የለውም።»

«ለምን አልጻፍከውም?»

«አላወቅኩትም።»

አባቴ አገጩን በእጁ ይዞ አሰበ። አይም መርፌያቸውን አቆሙ።

«ሰውየው ሲናገር በሕይወት ነበር» አለ አባቴ። «ቃሉ አንዴ ከወጣ ነፋሱ ስለ ተናጋሪው ምን አገባው? መምጣት አለበት።» መዳፉን ጉልበቱ ላይ አሻሸ። «ለምሳሌ እናትህ… ያን ጠዋት አንድ ነገር ብላ ከሆነ።»

አልጨረሰውም። ለዘጠኝ ዓመት ያልጠየቀውን ጥያቄ በእኔ አገር በኩል አዙሮ ጠየቀኝ። ዓይኖቹ ወደ እኔ አልነበሩም፤ ትንሽ ወደ ግራዬ ነበሩ። እኔ «ዝናቡ እየገባ ነው» ብዬ መዝገቡን ዘጋሁት።

አይ ሊወጡ ሲሉ ትንሿ በር ላይ እጄን ያዙኝ።

«እናትህ አንድ ነገር ብላ ነበር?»

«ብላለች።»

«ጥሩ ነገር?»

«አላውቅም፣ አይ።»

«እንግዲያው ጥሩ ነገር በል!» አሉ ዝቅ ባለ ድምፅ። «‹አመሰግነዋለሁ በሉልኝ› አለች በል። ‹በጀነት ያገናኘን› በል… እናንተ ምን ነበር የምትሉት? እንዳመቸህ አድርገው። ለዕውር ሰው እንዲህ ያለች ውሸት ሶደቃ ናት፤ እንደ ምጽዋት ትቆጠራለች። እኔ ኃላፊነቱን እወስዳለሁ።»

ሳምንቱን ሙሉ ያንን ዓረፍተ ነገር ስሠራ ሰነበትኩ። ሥራ ቦታ፣ ደንበኛ በሌለበት ሰዓት፣ ኮምፒውተሩ ላይ እጽፋለሁ። የመጀመሪያው ረጅም ሆነብኝ። ሁለተኛው እንደ ቀብር ንግግር ነበር። ሦስተኛው ግን ጥሩ ነበር፤ «ደክሞታል፤ እኔ እንዳልተከፋሁ ንገረው» ይላል። አጭር ነው፤ እናቴ ልትለው የምትችለው ነገር ነው። ከፍ ባለ ድምፅ አነበብኩት፤ የእርሷ መሰለኝ። ያ ነው ያስፈራኝ። አንድ ጊዜ ከነገርኩት አባቴ እስኪሞት የሚይዘው ያንን ነው፤ እኔም ቆይቼ አምነዋለሁ፤ ያን ጊዜ የእርሷ የሆኑት ቃላት የሚቀመጡበት ቦታ አይኖራቸውም። አጠፋሁት።

ቅዳሜ አይ አልመጡም፤ ዘመድ ሊጠይቁ ሄደው ነበር። አባቴ ሻዩን ይዞ ተቀምጧል። መዝገቡን አላመጣሁም።

«አባዬ፣ እናቴ ያን ጠዋት ሁለት ነገር ብላለች።»

ብርጭቆውን ወለሉን በእጁ ዳስሶ አስቀመጠ።

«መጀመሪያ ‹ሄደ?› አለች። ‹ሄዷል› አልኳት። ቀጥላ ‹ሹራቡን ለብሷል?› አለች።»

«አንተስ ምን አልክ?»

«‹አዎ› አልኳት። አላየሁም ነበር። እንዲሁ ነው ያልኩት።»

ጣራው ጠርዝ ላይ ውሃ እየተጠራቀመ ይወድቃል። አባቴ ፊቱን ወደ ብርሃኑ አደረገ።

«አልለበስኩም ነበር» አለ። «ወንበሩ ላይ ነበር የተውኩት። ስደርስ ጣቴ እስክሪብቶ አልይዝ ብሎኝ ነበር።»

ወንበሬን ወደ እርሱ አስጠጋሁ።

«እውነቱን ብትነግራት ኖሮ ምን እንደምትል ታውቃለህ?» አለኝ። «‹ሩጥ፣ ውሰድለት› ነበር የምትልህ። አታውቃትም? ሹራቡን ይዘህ እኔን ስታሳድድ እርሷ ብቻዋን ትቀር ነበር።»

ይህን አንድም ቀን አስቤው አላውቅም ነበር። ዘጠኝ ዓመት ያቺን «አዎ» ገልብጬ ያላየኋት ጎን አልቀረም ብዬ ነበር።

«እኔም ያልነገርኩህ አለ» አለ። «ያን ቀን ሥራዬ ሁለት ደቂቃ አልፈጀም፤ ነፋስ አልነበረም። ከዚያ አልወረድኩም። ከጋራው ላይ ከመስጊዱ ሚናራ በስተቀኝ ስትቆጥር የእኛ ጣራ ይገኛል። እርሱን እያየሁ ቆምኩ። ካልወረድኩ ምንም አልሆነም ማለት ነው ብዬ ነው። ስንት ደቂቃ እንደሆነ አልያዝኩትም። ፈርቼ ነው፣ ልጄ። ሥራ አልነበረም ያቆየኝ።»

እጄን ትከሻው ላይ አደረግሁ። ትከሻው ድሮ የማውቀውን ያህል አልነበረም።

«‹ሄደ› ያለችው እንዴት አድርጋ ነው?» አለኝ። «ፈጥና ነው ወይስ ቀስ ብላ?»

«ቀስ ብላ። ‹ሹራቡን› የሚለውን ግን ፈጥና።»

«ተቆጥታ?»

«እንደ ሁልጊዜዋ።»

ከንፈሩ ጥግ ላይ ትንሽ ነገር ተንቀሳቀሰ። «በል እስቲ ድገመው። እንዳለችው አድርገህ።»

ደገምኩለት። ድምፄ ወፈረ፤ ራሱን ነቀነቀ። «ከፍ አድርገው። ታማም ቢሆን ወደ ውስጥ አትናገርም ነበር።» ሁለተኛ ስል ፈጠንኩበት። ሦስተኛ ጊዜ አየር ስቤ፣ ዓይኔን ጨፍኜ፣ ያንን ክፍል፣ ያንን ትራስ፣ ያንን የበር ድምፅ አስታውሼ፣ «ሄደ?» አልኩ፤ ቆየሁ፤ «ሹራቡን ለብሷል?» አልኩ።

አባቴ ወንበሩ ላይ ቀና አለ። በሕይወቱ ያላየውን ጽፎ የማያውቀው ሰው፣ ፊቱን ወደ እኔ ሳይሆን እናቴ ታማ ወደተኛችበት ክፍል ወደሚያስገባው ክፍት በር አዞረ።

«ለብሼዋለሁ» አለ።